የሌቶ ፎርቤክን ጭነት የተሸከሙት የት ሄዱ?

ስለ ጀርመናዊው መኮንን ስለ ፓውል ፎን ሌቶ ፎርቤክ የተጻፈ አንድ ረዘም ያለ ጽሑፍ ሰሞኑን ብዙ አንባቢ ተቀባብሎታል። የጸሐፊው ብዕር የሰላ ነው፤ ታሪኩም በራሱ ልብ ይሰቅላል። ሰውየው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የዛሬዎቹን ታንዛኒያን፣ ሩዋንዳንና ቡሩንዲን ያቀፈውን የጀርመን ምሥራቅ አፍሪካ ቅኝ ግዛት ጦር ይመራ ነበር። ባሕሩ በእንግሊዝ መርከቦች ተዘግቶበት፣ ከአገሩ ተቆርጦ ከአራት ዓመት በላይ ተዋጋ። መሣሪያውን ያስቀመጠው ጀርመን በአውሮፓ የተኩስ አቁም ከፈረመች በኋላ ነው። እንዲህ ያለ ታሪክ ያነበበ ሰው ልቡ ለጥቂቶቹ ቢያደላ አይፈረድበትም። ችግሩ ጽሑፉ ያ ጦር በማን ትከሻ እንደተጓዘ አንድም ቦታ አለማንሣቱ ነው። ግድፈቱ ቀላል አይደለም፤ አብዛኞቹን የጽሑፉን ድምዳሜዎች ያጣመመው እሱ ነው።

በቅድሚያ የጸሐፊውን ሐሳብ ሳላዛባ ላስቀምጥ። ሌቶ ፎርቤክ በ3,000 ወታደር 300,000 የጠላት ጦር አፍሪካ ውስጥ ጠምዶ በመያዙ በምዕራቡ ግንባር ለተሰለፈው የጀርመን ጦር እፎይታ ሰጥቷል ይላሉ። ፈጽሞ ያልተሸነፈ፣ የዘመናዊው የሽምቅ ውጊያም አባት ነው ይሉታል። አስካሪዎቹን፣ ማለትም በሥሩ የተሰለፉትን አፍሪካውያን ወታደሮች፣ እንደ እኩዮቹ ስላያቸው በፍቅር እስከ መጨረሻው ተከትለውታል፤ ጦርነቱም ንጹሕ የጨዋ ሰው ጦርነት ነበር ይላሉ። ኋላ ሂትለር ሹመት ቢያቀርብለት በስድብ መለሰው ሲሉም ያክላሉ። በመጨረሻ የእኛን የአምስቱን ዓመት አርበኞች ጠቅሰው ሌቶ ፎርቤክን ታላቅ ወንድማቸው ያደርጉታል። በየተራ ልመልስ። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ትክክል ከሆነው ልጀምር። ስለ ታንጋ ውጊያ የተጻፈው በአብዛኛው እውነት ነው። በኖቬምበር 1914 መጀመሪያ በሜጀር ጄኔራል አርተር ኤይትከን የሚመራ 8,000 ያህል ሰው ከሕንድ በመርከብ መጥቶ ታንጋ ወረደ። ሌቶ ፎርቤክ በባቡር አጣድፎ ያደረሰው ጦር ከ1,000 ብዙም አይበልጥም ነበር። ሌሊቱን በብስክሌት ወደ ከተማዋ ገብቶ፣ ጎዳናዎቹንና የጠላትን አቀማመጥ በዓይኑ አይቶ ተመለሰ፤ በማግሥቱም ጦሩን ባየው መሬት ልክ አሰለፈ። በዛፎች ላይ የተሰቀሉ ቀፎዎች በጥይት ሲመቱ ንቦቹ ወገን ሳይለዩ የተገኘውን ሁሉ ነደፉ። እንግሊዞች ከ800 በላይ ሰው ሞቶባቸውና ቆስሎባቸው፣ 16 መትረየስ፣ በመቶዎች የሚቆጠር ጠመንጃና 600,000 ያህል ጥይት ጥለው ወደ መርከቦቻቸው ተመለሱ። ጸሐፊው ያልጠቀሱት አንድ ነገር ቢኖር ከውጊያው በፊት የእንግሊዝ የባሕር ኃይል አዛዥ ወደብ ገብቶ፣ በአካባቢው የነበረው የሰላም ስምምነት መፍረሱን ለጀርመኖቹ በይፋ መናገሩ ነው። ድንገት የመምጣትን ዕድል ያበላሹት ራሳቸው ናቸው። ይህም ሆኖ ታንጋ የአዛዥ ብልኅነት የታየበት ድል መሆኑን የሚክድ የለም።

ወደ ቁጥሩ ስንመጣ ግን ጽሑፉ ይሰናከላል። ጦርነቱ ሲጀመር ሌቶ ፎርቤክ ሥር የነበሩት ወደ 2,500 የሚጠጉ አስካሪዎችና ሁለት መቶ ተኩል ገደማ ጀርመኖች ነበሩ፤ የጸሐፊው 3,000 ከዚህ የመጣ መሆን አለበት። በ1916 ግን ጦሩ ከ11,000 በላይ አስካሪዎችና 3,000 ያህል አውሮፓውያን ደርሶ ነበር። 300,000 የተባለው ደግሞ በአንድ ቀን የተሰለፈ ጦር አይደለም፤ በአራቱ ዓመት ውስጥ እየታመመ ሲወጣና እየተተካ ሲገባ የነበረው ሁሉ ተደምሮ፣ ብዙ ጊዜም ተዋጊ ያልሆነው ጭምር ተቆጥሮበት የሚጠራ ቁጥር ነው። የአንዱን ወገን የመጀመሪያ ቀን ቆጠራ ከሌላው ወገን የአራት ዓመት ድምር ጋር ማስተያየት ማነጻጸር አይባልም።

እፎይታ ሰጠ የሚለውም ቢሆን የተዋጉት እነማን እንደነበሩ ሲታይ ይሳሳል። በ1916 ታቦራን የያዘው ከኮንጎ የመጣው የቤልጅየም ቅኝ ጦር ነው። በጦርነቱ ሁለተኛ አጋማሽ ዋናውን ሸክም የተሸከሙት በ1918 ወደ 35,000 ያደገው የእንግሊዝ የምሥራቅ አፍሪካ ጦር፣ ማለትም የንጉሡ አፍሪካውያን ተኳሾች፣ እንዲሁም የናይጄሪያና የጎልድ ኮስት (የዛሬዋ ጋና) ወታደሮች ናቸው። እንግሊዝ አፍሪካውያን ወታደሮቿን በፈረንሳይ ምሽግ ለውጊያ አላሰለፈችም፤ ሌቶ ፎርቤክ ባይኖርም እነዚህ ሰዎች ሶም ወንዝ ዳር አይገኙም ነበር። ከደቡብ አፍሪካ የመጡት ነጭ ወታደሮችና ለዚህ ግንባር የዋሉት መርከቦች ግን ሌላ ቦታ ሊጠቅሙ ይችሉ ስለነበር በዚያ ልክ ጸሐፊው እውነት አላቸው። ሆኖም በሚሊዮን የሚቆጠር ሰው ፊት ለፊት በተፋጠጠበት ግንባር ያ ልዩነት የጦርነቱን ዕጣ ይለውጥ ነበር ማለት ከምኞት አያልፍም።

«ያልተሸነፈ» የተባለው በጀርመን ለረጅም ዘመን ሲነገር የኖረ ነው፤ በ1964 ሲቀበርም የመከላከያ ሚኒስትሩ ካይ ኡቬ ፎን ሃሰል በይፋ ደግሞታል። ሌቶ ፎርቤክ አልተማረከም፤ ይህ እውነት ነው። ነገር ግን ዳሬሰላም በሴፕቴምበር 1916 ተያዘ፤ ታቦራም በዚያው ወር። ከዳሬሰላም ወደ ታንጋኒካ ሐይቅ የሚዘረጋው የባቡር መስመርም ከእጁ ወጣ። በኦክቶበር 1917 ማሂዋ ላይ የተካሄደው ውጊያ ድሉ ነው ይባላል፤ እውነትም እንግሊዞችን ከ2,500 በላይ ሰው አስከፍሏቸዋል። የሱ ኪሳራ ግን ከ1,500 ሰው ከ500 በላይ ነበር፤ የጠላቱ ይተካል፣ የሱ አይተካም። ከአንድ ወር በኋላ ሕሙማኑንና ቁስለኞቹን ለጠላት ትቶ፣ 2,000 ገደማ ተዋጊ ይዞ የሩቩማን ወንዝ ተሻገረና ፖርቱጋል ወደምትገዛው ሞዛምቢክ ገባ። ሊቀላቀለው ሲጓዝ የነበረው የካፒቴን ታፌል ቡድን መንገድ ላይ ስንቁ አልቆ እጁን ሰጠ። በዚያው ወር ከቡልጋሪያ የተነሣው የጀርመን የአየር መርከብ ለሱ 15 ቶን ያህል ዕቃ ጭኖ ሱዳን ሰማይ ላይ ከደረሰ በኋላ ተመልሷል። ከዚያ በኋላ ጦሩ ይከላከለው የነበረ መሬት አልነበረውም፤ የፖርቱጋሎችን መጋዘን እየሰበረ ለማግሥቱ የሚያድር ሠራዊት ነበር። እንዲጠብቅ የተሰጠውን ግዛት ጨርሶ አጥቶ ራሱን ሳያስይዝ የቀረን አዛዥ ጎበዝ ማምለጥ የሚችል ማለት ያስኬዳል። ያልተሸነፈ ለማለት ግን የጦርነቱን ዓላማ መርሳት ያስፈልጋል።

የሽምቅ ውጊያ አባትነቱን ባጭሩ ልለፈው። ሌቶ ፎርቤክ በፕሩሺያ የጦር ትምህርት ያደገ መኮንን ነው፤ የሚሻውም ጠላትን በአንድ ትልቅ ውጊያ መስበር ነበር። በጃንዋሪ 1915 ጃሲን ላይ እንዲያ አደረገና አሸነፈ። ግን 200,000 ያህል ጥይት ጨረሰ፣ ምትክ የሌላቸው መኮንኖች ሞቱበት፣ ራሱም ቆሰለ። ወደ ኡጋንዳ ባቡር መስመር ፈንጂ የሚያጠምዱ ትንንሽ ቡድኖችን መላክ የበዛው ከዚያ በኋላ ነው። እጥረት ያስተማረው ዘዴ ነው። ዘዴውንም ቢሆን ቀድሞ በሌላው ወገን ቆመው ያሳዩት አፍሪካውያን ናቸው፤ በ1906 በዛሬዋ ናሚቢያ የግራ ዓይኑን ያጠፉት የናማ ተዋጊዎች በዚያ የተካኑ ነበሩ።

አሁን አስካሪዎቹ ጋ ደረስን። ጸሐፊው ሦስት ማስረጃ ያቀርባሉ፦ እስከ መጨረሻው አብረውት መቆየታቸውን፣ አፍሪካውያንን በመኮንንነት መሾሙን፣ እንዲሁም በ1964 ያልተከፈለ ደመወዛቸውን ሊቀበሉ የመጡ ሽማግሌዎች መታወቂያ ስለሌላቸው በጀርመንኛ የጠመንጃ ልምምድ ትእዛዝ ሲሰጣቸው ሁሉም በትክክል ፈጸሙት የሚለውን ተረክ።

የመጨረሻውን ላስቀድም። ታሪኩ እንዳለ እውነት ነው ብንል እንኳ የሚያሳየው ሥልጠናው አጥንት ድረስ የገባ መሆኑን ነው። ስለ ፍቅር ምንም አይልም። የሚያሳየው ሌላ ነገር ቢኖር እነዚያ ሰዎች ለላባቸው ዋጋ ግማሽ ምዕተ ዓመት መጠበቃቸውን ነው፤ እኔ በጸሐፊው ቦታ ብሆን ይህን በምስጋና መዝገብ ውስጥ አላስገባውም ነበር። አፍሪካውያን መኮንኖች የተባሉት ደግሞ ሌቶ ፎርቤክ ከመምጣቱ በፊት የነበረ፣ ጦሩ በሱዳናውያን ቅጥረኞች ከተመሠረተበት ጊዜ ጀምሮ የሚታወቅ «ኤፈንዲ» የሚባል ማዕረግ ነበራቸው። ኤፈንዲ ደግሞ ከመጨረሻው ጀርመናዊ የበታች ሹም በታች ነው። እኩልነት የሚባለው እዚህ ላይ ያበቃል።

እስከ መጨረሻው ቆዩ ስለሚባለውም፣ ጦሩ በመጨረሻ መሣሪያውን ባስቀመጠባት በአቤርኮርን፣ በዛሬዋ ዛምቢያ፣ እጃቸውን የሰጡት አስካሪዎች 1,168 ናቸው። ከ11,000 በላይ የነበረው ጦር የት ገባ? ብዙዎቹ ሞቱ፤ ብዙዎቹ ተማረኩ ወይም ታመው ቀሩ፤ በሺሕ የሚቆጠሩት ግን ከድተው ሄዱ። ደመወዝ በብር መከፈሉ ቀርቶ በወረቀት ላይ ተስፋ ሲሆን፣ ጦሩም ከትውልድ ቀዬአቸው እየራቀ ሲሄድ መክዳቱ በዛ። እንዲያውም በ1917 እንግሊዞች አንድ ሙሉ ሻለቃ፣ ስድስተኛውን የንጉሡ አፍሪካውያን ተኳሾች፣ በዋናነት ከቀድሞ የጀርመን አስካሪዎች አቋቁመዋል። ትናንት ለሌቶ ፎርቤክ ሲተኩሱ የነበሩ እጆች ዛሬ በሱ ላይ ተኮሱ። እነዚህን ሰዎች ከዳተኛ ብሎ መሳደብም ሆነ የቀሩትን ታማኝ ብሎ ማወደስ አንድ ስሕተት ነው፤ ሁለቱም ሙያቸውን፣ ደመወዛቸውንና አብረዋቸው የሚጓዙትን ሚስቶቻቸውንና ልጆቻቸውን ያሰሉ ወታደሮች ነበሩ። ሞዛምቢክ ጫካ መሀል፣ ሕዝቡ ጦሩን በሚጠላበት አገር፣ ቤተሰብ ይዞ ከሰልፉ መለየት ደግሞ ሞት ሊሆን ይችላል።

አስካሪ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ እንግዳ አይደለም። በአድዋ የጄኔራል አልበርቶኔ ብርጌድ በአመዛኙ ከኤርትራ የተመለመሉ አስካሪዎች ነበሩ፤ በዚያን ቀን አጥብቀው ተዋግተዋል። ጽናታቸውን ለጣሊያን በነበራቸው ፍቅር የሚተረጉም ጸሐፊ እዚህ አገር ቢነሣ አንባቢው ምን ይለዋል? ለጣሊያን አስካሪ የምንነፍገውን ትርጓሜ ለጀርመን አስካሪ በቸርነት የምንሰጥበት ምክንያት አይታየኝም።

ዋናው ጉዳይ ግን ንጹሕ ጦርነት የተባለው ነው፤ እዚህ ላይ ቆም ብዬ ማስረዳት እፈልጋለሁ።

ያ ጦርነት የተካሄደበት አገር የቆላ ዝንብ የነገሠበት ነው። ፈረስና በቅሎ በሳምንታት ውስጥ ይሞታሉ፤ ደቡብ አፍሪካውያኑ ያስገቧቸው ፈረሶች በአሥር ሺዎች አልቀዋል። መኪና የሚሄድበት መንገድ ጥቂት ነው፤ በዝናብ ወራት ደግሞ የለም። ስለዚህ ጥይቱ፣ መድፉ፣ መድኃኒቱ፣ የመኮንኑ አልጋ ሳይቀር የሚጓዘው በሰው ራስና ትከሻ ላይ ነው። በሩፊጂ ወንዝ አፍ በጁላይ 1915 ከሰመጠችው ኮኒግስበርግ ከተባለች የጦር መርከብ የወጡት አሥር ባለ 10.5 ሳንቲ ሜትር መድፎች በየብስ ለውጊያ ውለዋል። ጸሐፊው ይህን በአድናቆት ያነሡታል፤ ምሕንድስናው በእርግጥ ያስደንቃል። እያንዳንዱን የብረት ክምር በጭቃና በጫካ የጎተተው ግን የሰው ገመድ ነው፤ በመቶዎች የሚቆጠሩ ሰዎች።

ሒሳቡን አስቡት። አንድ ተሸካሚ 25 ኪሎ ያህል ይሸከማል። በቀን አንድ ኪሎ እህል ቢሰጠው፣ የተሸከመው እህል ከሆነ በ25 ቀን ራሱ በልቶ ይጨርሰዋል፤ መመለሻውም ከታሰበ ከ12 ቀን በላይ ማራቅ አይችልም። መጋዘን የሌለው፣ በየቀኑ ቦታ የሚለውጥ ጦር ታዲያ እንዴት ይኖራል? ያለው መንገድ አንድ ነው፤ ከደረሰበት መንደር ጎተራ መውሰድ፣ የደከመውን ተሸካሚ ጥሎ ከዚያው መንደር ሌላ መያዝ። የሌቶ ፎርቤክ ፍጥነትና አይያዝነት የሚደነቅበት ምክንያት እና ገበሬው የተራበበት ምክንያት አንድ ናቸው። ይህን የጠላቶቹ ፕሮፓጋንዳ ነው እንዳይባል፣ አብሮት የዘመተው ሐኪም ሉድቪግ ዴፔ ከጦርነቱ በኋላ ባሳተመው ማስታወሻ የወደሙ እርሻዎችን፣ የተዘረፉ ጎተራዎችንና ረሃብን ከኋላቸው ትተው እንዳለፉ ጽፏል። የሥልጣኔ መልእክተኛነታችን አብቅቷል ብሎ፣ የራሱን ጦር ዱካ አውሮፓን ካወደመው የሠላሳው ዓመት ጦርነት ሠራዊቶች ዱካ ጋር አመሳስሎታል።

በዶዶማ አካባቢ የሚኖሩት ጎጎዎች የደረሰባቸውን ማየት ይበቃል። በመጀመሪያ ጀርመኖች ሲያፈገፍጉ ከብታቸውን፣ እህላቸውንና ወጣቶቻቸውን ወሰዱ። ቀጥሎ የገቡት እንግሊዞች የተረፈውን ወሰዱ። ዝናቡ ሲቀር ከ1917 እስከ 1920 የዘለቀ «ምቱንያ» የሚባል ረሃብ ወረደ፤ ከሕዝቡ አምስት እጅ አንዱ ያህል እንዳለቀ ይገመታል። በመላው ቅኝ ግዛት በጦርነቱና ባስከተለው ረሃብ የሞተውን ሲቪል ሕዝብ አንዳንድ የታሪክ ምሁራን 300,000 ያደርሱታል። ግምት ነው፤ ግን ጸሐፊው በአፍሪካ ተጠመደ ካሉት ጦር ቁጥር ጋር እኩል መሆኑን ልብ ይሏል።

እንግሊዞችስ? ቢባል ከነሱም የሚሻል ነገር የለም። ከአፍሪካ ልዩ ልዩ ክፍሎች ካሰለፏቸው እጅግ ብዙ ተሸካሚዎች መካከል በራሳቸው ቆጠራ 95,000 ያህሉ ሞተዋል፤ ብዙዎቹ በጥይት ሳይሆን በተቅማጥ፣ በወባና በምግብ እጦት። ጀርመኖቹ የራሳቸውን ተሸካሚ ሞት የሚያሳይ ይህን የመሰለ መዝገብ እንኳ አልተዉልንም። ጦርነቱን የጀመረው ሌቶ ፎርቤክ ብቻ አይደለም ቢባልም እስማማለሁ፤ አገረ ገዢው ሃይንሪኽ ሽኔ ቅኝ ግዛቱ ገለልተኛ እንዲሆን ሲሻ እንግሊዞች በኦገስት 1914 ዳሬሰላምን በመድፍ መትተዋል። ይሁን እንጂ ሽኔን አልሰማም ብሎ ጦርነቱን እስከ ጫፍ የገፋው አዛዥ ከውጤቱ ነጻ አይወጣም።

ሌቶ ፎርቤክ ከወታደሩ ጋር ተርቧል፣ በእግሩ ተጉዟል፣ በወባ ታሟል። ኪኒን ሲያልቅ ከሲንኮና ቅርፊት የተፈላውንና ወታደሮቹ በስሙ የሰየሙትን መራራ መጠጥ እሱም ጠጥቷል። ይህ የግል ጽናት ነው፤ አከብረዋለሁ። ስለ ጨዋነቱ የሚጽፍ ሰው ግን ከ1904 ጀምሮ በናሚቢያ በሎታር ፎን ትሮታ የጦር ጽሕፈት ቤት ማገልገሉን መዝለል አይችልም። ትሮታ በናሚቢያ የሚኖሩት የሄሬሮ ሕዝቦች እንዲጠፉ በኦክቶበር 1904 ትእዛዝ ያወጣው ጄኔራል ነው፤ የጀርመን መንግሥት በ2021 የዘር ማጥፋት ብሎ ያመነው ያንን ነው። ሌቶ ፎርቤክ በስተርጅናው በጻፈው የሕይወት ታሪኩ ድርጊቱን ከመኮነን ይልቅ ተሟግቶለታል። ጽሑፉ ስለ ናሚቢያ አንድ ዐረፍተ ነገር አለው፤ «ልምድ ቀሰመ» ይላል።

የሂትለር ነገር ብዙ አያቆየንም። የናዚ ፓርቲ አባል አልነበረም፤ ሹመት ቀርቦለት እምቢ ማለቱም ይነገራል። ስድቡ ግን ከዓመታት በኋላ በሰው አፍ የመጣ ጨዋታ ነው። በመዝገብ ያለው ይህ ነው፦ በ1919 ሃምቡርግ ውስጥ የተነሣውን ረብሻ በጦር አስቆመ፤ በማርች 1920 የተመረጠውን መንግሥት ለመገልበጥ የተሞከረውን የካፕ መፈንቅለ መንግሥት ደገፈና ከጦሩ ተሰናበተ፤ ከ1928 እስከ 1930 የቀኝ ብሔርተኞች የፓርላማ አባል ነበር። በኦገስት 1939 የሂትለር መንግሥት የክብር ጄኔራልነት ሰጥቶታል። ሂትለርን አለመውደድ ዴሞክራሲን መውደድ አይደለም።

የመጨረሻው ከአርበኞቻችን ጋር ማመሳሰሉ ነው፤ ብዕሬን ያነሣሁትም በዚህ ምክንያት ነው። አርበኛ ለገበሬው ሸክም ሆኖ አያውቅም አልልም፤ በችግር ቀን ከድሃ ጎተራ የበላ የአርበኛ ጭፍራም ነበር። ልዩነቱ የሚነሣው ሰውየው ማን አገር ላይ ቆሞ፣ ማንን ሊያስወጣ እንደተዋጋ ሲጠየቅ ነው። ሌቶ ፎርቤክ ታንጋ ላይ ሲተኩስ ቅኝ ገዢው እሱ ነው፤ የተጋጩት ሁለት ቅኝ ገዢዎች ናቸው፤ የመሬቱ ባለቤት ደግሞ በሁለቱም ወገን ጭነት ተሸካሚ ነው።

በዚያ አገር ለበላይ ዘለቀና ለአበበ አረጋይ አቻ ከተፈለገ አለ። የሄሄዎቹ መሪ ምክዋዋ በኦገስት 1891 ሉጋሎ ላይ የጀርመንን ዘማች ጦር አድፍጦ ደመሰሰ፤ አዛዡ ኤሚል ፎን ዜለቭስኪም እዚያው ወደቀ። ምሽጉ ካሌንጋ በመድፍ ከተሰበረ በኋላ እስከ 1898 በየጫካው ሲዋጋ ኖሮ፣ ሊያዝ ሲል በገዛ እጁ ሞተ። ያሳደደው ሌቶ ፎርቤክ ኋላ አዛዡ የሆነበት ያው የጀርመን ቅኝ ጦር ነው። ጀርመኖች ራሱን ቆርጠው ወሰዱት፤ የቬርሳይ ውል የራስ ቅሉ እንዲመለስ በአንቀጽ 246 አዘዘ፤ ካሌንጋ የገባው ግን በ1954 ነው። ጸሐፊው ስለ ምሥራቅ አፍሪካ ጦርነቶች ሁለተኛ ክፍል እንደሚጽፉ ቃል ገብተዋል። በዚያ ብዕራቸው ምክዋዋን ቢያነሡልን ደስ ብሎኝ አነባለሁ።